ለሰው ሚስት ዋስ ሆኜ

ያን እሑድ ልጅቷን፣ የጎረቤቴን ሚስት፣ ሲኒማ ይዣት ስሄድ ዋሷ እኔ መሆኔን ረስቼው ነበር ብል ማንም አያምነኝም። እኔ የምረሳ ሰው አይደለሁም። ምድጃውን አጥፍቼ፣ በሩን ቆልፌ፣ ደረጃውን ወርጄ ካበቃሁ በኋላ እንደገና ወጥቼ ምድጃውን የማይ ሰው ነኝ። ልጄ ከትምህርት ቤት እስክትመለስ ወንበር ላይ መቀመጥ አልችልም፤ መስኮት ላይ ነው የምቆመው። ስለዚህ አልረሳሁም። ሁለት ሰዓት ምን አላት ብዬ ራሴን አታለልኩ እንጂ።

ዋስ የሆንኩት እንዲህ ነው። በፈረንጆቹ ሰማንያዎቹ ዓመታት፣ በሰው አገር፣ ፌርፋክስ የሚባለው መንገድ ላይ የእኛ ሰው ሱቅ በጣት የሚቆጠር በነበረበት ጊዜ፣ ከመንገዱ ትንሽ ገባ ብሎ አንድ ፎቅ ቤት ላይ እንኖር ነበር። ባለቤቴ ታክሲ ይነዳል። ልጃችን ሰባት ዓመቷ ነው። ከእኛ በታች ያለውን ክፍል የተከራየው ደግሞ ዳውንታውን መኪና ማቆሚያ ውስጥ የሚሠራ የአገራችን ሰው ነበር። ጨዋ ነው። ዕቃ ይዤ ካየኝ ተቀብሎኝ እስከ በሬ ያደርሰኛል። እትዬ፣ አንቱ ሳይል አያናግረኝም። ሚስት ከአዲስ አበባ አስመጣ፤ ልጅ እግር ናት፣ ሳቅ የምትወድ።

መጥታ ስድስት ወር ሳይሞላት አንድ ቀን ጠዋት ባዶ እግሯን ደረጃውን ሮጣ ወጥታ በሬን ደበደበች። ከንፈሯ ደምቷል። ልብስ ማጠቢያው ቤት አንድ ሰው ሳንቲም ዘርዝሮላት "ታንክ ዩ" ስትል ስቃለች፤ ባሏ ሳቋን አይቷል። ይኸው ነው ጥፋቷ።

እንደ ወጋችን ሽማግሌ ተጠራ። ሦስት ሰዎች መጡ፤ ትልቁ ክሬንሾው ሰፈር የሚኖሩ ጋሼ የምንላቸው ሰው ናቸው። ባልየው ዳግመኛ እጁን እንደማያነሳባት ማለ፤ ጋሼ ዋስ ሆኑት። ከዚያ እሱ ጎንበስ ብሎ በትሕትና እንዲህ አለ፤

"ጥሩ። ለእኔ ዋስ ተጠራ። ለእሷስ? ሳታስፈቅደኝ ከቤት እንዳትወጣ ማን ይዋሳታል? እዚህ ዘመድ የላትም።"

ሁሉም እኔን አዩኝ። "እኔ አለሁ" አልኩ። ደስ ብሎኝ ነው ያልኩት። ጋሼ "እናት ማለት እንዲህ ናት" ብለው መረቁኝ። እጇን ይዤ ደረጃውን አወረድኳትና ለባሏ አስረከብኳት። በሩ ላይ አንገቷ ላይ የተጣመመውን ነጠላ አስተካከልኩላት። "ቻይው ልጄ፣ ወንድ እንዲሁ ነው፣ ይበርድለታል" አልኳት።

ከዚያ በኋላ ልጅቷ ስቃ አላየኋትም። ደረጃ ላይ ስንገናኝ "ደህና ነኝ" ትላለች። ድምፅ እንኳ ከታች አይሰማም። ጸሎቴ ተሰማ ብዬ ነበር።

ሲኒማ ቤቱ የሥራ ቦታዬ ነው። ድምፅ የሌላቸውን የድሮ ፊልሞች የሚያሳይ ትንሽ ቤት ነበር፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ጠዋት እጠርገዋለሁ። ከወንበር ሥር ፈንዲሻ ስለቅም ባለቤቱ ሽማግሌ ፈረንጅ ፊልሙን ይሞክራል። ሰው ሲሮጥ፣ ሲንሸራተት፣ ፊቱ ላይ ኬክ ሲለጠፍበት እያየሁ መጥረጊያዬን ይዤ ብቻዬን እስቃለሁ። ድምፅ የሌለው ፊልም ሁሉ የሚያስቅ ይመስለኝ ነበር። ስለዚህ ሽማግሌው ፈረንጅ "የነገው ስፔሻል ነው፣ የጃፓን ነው" ብሎ ሁለት ትኬት ሲሰጠኝ፣ ያቺ ልጅ ትንሽ ትስቅ ብዬ አሰብኩ።

እሑድ ባሏ ሥራ ነው። ወርጄ ስነግራት ፊቷ ፈካና ወዲያው ጠፋ።

"ማስፈቀዱስ እትዬ?"

"እሱ የሚመጣው ሲመሽ ነው። ከእሱ በፊት እንመለሳለን።"

"ስልክ ይደውላል እኮ።"

"ሻወር ውስጥ ነበርኩ ትይዋለሻ።"

እኔ ነኝ ይህን ያልኩት። ልጄን ውሸት ተናገርሽ ብዬ የምቆጣት ሴት።

ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ያልጠበቅኩት ነገር ጠበቀኝ። ከመጋረጃው ጎን ትንሽ ጠረጴዛ፣ ላዩ ላይ መብራት። አንድ ጃፓናዊ አዛውንት ጥቁር የአገራቸውን ልብስ ለብሰው፣ ማራገቢያ ይዘው ቆመዋል። ተቀምጦ ከሚያየው ሰው ግማሹ የእሳቸው አገር ሽማግሌዎች ናቸው። መብራት ጠፍቶ ፊልሙ ሲጀምር አዛውንቱ መናገር ጀመሩ። ስዕሉ ላይ ያለው ሰው አፉን ሲከፍት ድምፁ ከእሳቸው ይወጣል። ወንዱ ሲናገር ወፍራም፣ ሴቷ ስትናገር ቀጭን፣ ውሃው ሲፈስስ እንኳ እሳቸው ናቸው። አንድም የጃፓን ቃል አላውቅም። ከሥር የሚመጣውን እንግሊዝኛም ሁለት ቃል ሳነብ ያልፈኛል፤ የተማርኩት እስከ አራተኛ ክፍል ነው። ግን ምንም አልጠፋኝም። የአገሬ ሙሾ አውራጅ የማታውቀውን ሟች ስታነሳ ልቅሶ ቤቱ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ እንደዚያ ነው።

ባልየው ጀልባ እየቀዘፈ ሰው ወንዝ የሚያሻግር ነው። ሚስቱን ይወዳታል፤ እግሯን እሾህ ሲወጋት ተንበርክኮ አወጣላት። ልጅቷ ክንዴን ነካ አድርጋ ፈገግ አለች። ከዚያ አንድ መንገደኛ ደክሞት በራቸው ላይ ተቀመጠ። ሚስትየዋ ውሃ ሰጠችው፤ ጠጥቶ ሄደ። የሳር ባርኔጣውን ረሳ። ባልየው መጥቶ ባርኔጣውን አየ። ይጮሃል ብዬ ስጠብቅ አልጮኸም። አንስቶ አቧራውን አራገፈና ግድግዳው ላይ ሰቀለው። ከሥሩ ተቀምጦ እራቱን በላ። ዓሣ የሚበልትበትን ቢላዋ ከሳህኑ አጠገብ አስቀመጠ። ሚስቱን ብዪ አላት፤ አዛውንቱ ያን ቃል በጣም በቀስታ ነው የተናገሩት።

የልጅቷ ጥፍር እጄ ውስጥ ገባ።

"እትዬ።"

"ወዬ።"

"እሱም እንዲህ ነው የሚያደርገው።"

"ማነው እሱ?"

"የእኔው ነዋ። ማታ ማታ ከእራት በፊት ቢላዋውን ይሞርድና ከሳህኑ ጎን ያስቀምጠዋል። ሥጋ የለ፣ ምን የለ። ሽሮ እየበላን።"

"ምን ይልሻል?"

"ምንም። ብዪ ይለኛል። ለምን አትበዪም ይለኛል።"

"መቶሻል?"

"ኧረ እጁን አላነሳም። ቃሉን ጠብቋል።"

ከኋላችን ያለች ሴት ዝም በሉ አለችን። ትንሽ ቆይቼ ጆሮዋ ሥር ሄጄ "ለምን አልነገርሽኝም?" አልኳት።

"ዋሴ ነዎት እኮ። ብነግርዎ ቻይው ነው የሚሉኝ" አለችኝ። ልትወቅሰኝ አልነበረም። እንደሚታወቅ ነገር ነው የነገረችኝ።

ፊልሙ ላይ ሚስትየዋ ከቤት ወጥታ ሮጠች። አሮጊት ጎረቤት ዘንድ ገባች። አሮጊቷ ደግ ናቸው፤ ፊቷን ጠረጉላት፣ የሚጠጣ ሰጧት። ከዚያ እጇን ይዘው መልሰው አመጧት። በሩ ላይ የልብሷን አንገት አስተካከሉላት። አዛውንቱ የአሮጊቷን ድምፅ ሲያወጡ ማር ነው የሚመስል። የተናገሩትን ትርጉም ማንም አልነገረኝም። እኔ ግን ያንኑ ቃል ራሴ ያልኩት ስለሆነ አወቅሁት።

ከዚያ የባልና ሚስቱ ቤት የወረቀት በር ተዘጋ። በበሩ ላይ የሁለት ሰው ጥላ ብቻ ይታያል፤ አንዱ ቆሟል፣ አንዱ ተቀምጧል። አዛውንቱ ዝም አሉ። ያን ሁሉ ሰዓት ውሃ እንኳ ሳይቀር ሲናገሩ ቆይተው፣ እዚያ ላይ ማራገቢያቸውን አጥፈው አፋቸውን ዘጉ። አዳራሹ ውስጥ የማሽኑ ድምፅ ብቻ ቀረ። ይጩሁ ብዬ ለመንኩ። አንድ ነገር ይበሉ። ጥላው ከፍ አለ፤ ሌላው ጥላ ዝቅ አለ። አሁንም ዝም። ከዚያ ስዕሉ አሮጊቷ ቤት ሄደ። አሮጊቷ ቀና ብለው አዳመጡ። እየሰሙ እንደሆነ ያስታውቃል። ጎንበስ ብለው መብራታቸውን እፍ አሉት።

እኔ ደም አልፈራም። አገሬ ሆኜ ብዙ አይቻለሁ። ያ መብራት እፍ መባሉ ግን ከወንበሬ አስነሳኝ። ፊልሙ ሳያልቅ "ተነሽ" አልኳት። "ዛሬ ከእኔ ጋ ነው የምታድሪ። ነገ እናስብበታለን።"

የነገን ማሰብ አላስፈለገንም። ስንወጣ ፀሐዩ ዓይናችንን ወጋው፤ ሲለምድልን ባሏን አየነው። መኪናውን መንገዱ ዳር በሁለተኛ ረድፍ ፓርክ አድርጎ፣ መብራቱን ብልጭ ድርግም እያደረገ፣ በሩ ላይ ተደግፎ ቆሟል። የሥራ ልብሱን እንደለበሰ ነው።

"እትዬ፣ እንደምን ዋሉ። ፊልሙ ጥሩ ነበር?"

"ደህና ነበር።"

"እኔን መጥራት ረሳችሁ" ብሎ ሳቀ። የመኪናውን በር ከፈተላት። "ግቢ፤ ፀሐይ ላይ አትቁሚ።"

ልጅቷ አንድ እርምጃ ሄደች። ልትገባ ነው። እጅጌዋን ያዝኩት። ለምን እንደያዝኩት አሁንም በቃል መናገር አልችልም፤ እጄ ነው ቀድሞኝ የሄደው።

"ዛሬ ከእኔ ጋ ትደር" አልኩት።

"ለምን?"

"እንዲሁ።"

"እትዬ፣ ዋሷ እርስዎ አይደሉም እንዴ? ማን አስገደድዎ? በአፍዎ እኔ አለሁ አላሉም?"

"ብያለሁ።"

"ታዲያ ያስረክቡኛ።"

እጅጌዋን ሳልለቅ "ከዋስነቴ ወርጃለሁ" አልኩ።

በጣም ሳቀ። "ፌርፋክስ ላይ ቆመው? የፈረንጅ መኪና እያለፈ? ይሄማ አይሆንም። ሽማግሌ ባለበት ከገቡበት ሽማግሌ በሌለበት አይወጡም። ወጉን ለእርስዎ እኔ ልንገር?"

ልክ ነው። ወጉ እንደዚያ ነው። አባቴ ለሰው ዋስ ሆኖ ሲወርድ አይቻለሁ፤ ዳኞቹ እስኪቀመጡ ሦስት ቀን ሰውየውን እኛ ቤት አኑሮታል፣ አብሮት በልቷል፣ አብሮት ተኝቷል። ይህ ትዝ ሲለኝ ፍርሃቴ አልለቀቀኝም፤ ምን እንደምል ግን አወቅሁ።

"ልክ ብለሃል" አልኩት። "ሽማግሌዎቹ እስኪሰበሰቡ ዋሷ ነኝ። ዋስ ደግሞ የተዋሰውን ሰው በእጁ ይይዛል። ቅዳሜ ጋሼ ቤት እናመጣታለን። እስከዚያ በእጄ ናት።"

ሰው ከሲኒማ ቤቱ መውጣት ጀመረ። ከኋላው የቆመ መኪና ጡሩምባ ነፋበት። በሩን ቀስ አድርጎ ዘጋው። ፈገግታው አልጠፋም፤ እኔን ያስፈራኝ እሱ ነው።

"ኦኬ። ኦኬ እትዬ። ልጅዎን ያመስግኑልኝ። እኔ ቤት ስልክ የሚያነሳ ሳጣ እናንተ ጋ ደወልኩ፤ ሲኒማ ሄዱ ብላ እስከ መንገዱ ስም ነገረችኝ። ጨዋ ልጅ ናት። ብቻዋን ነበረች?"

ቤት እስክንደርስ ሮጥን ማለት ይቀላል። አባቷ ሶፋው ላይ ተኝቶ ነበር። ልጄ ምንጣፉ ላይ ሆና ቀለም ትቀባለች። ስይዛት በጣም ስላጠበቅኳት "ማሚ፣ ያማል" አለች። "ለምን ነገርሽው?" ስላት አለቀሰች። "ትልቅ ሰው ሲጠይቅ እውነቱን ተናገሪ አላልሽም?"

ብያለሁ። ምን ላድርጋት።

ባለቤቴ ሲነቃ ተቆጣ። "በሰው ትዳር ምን አግብቶሽ? ሰውየው ከእኛ በታች ነው የሚኖረው፤ ልጅ አለን እኮ!" ውሸት የለበትም። ልጄን እያሰብኩ ልጅቷን ላስረክባት ሁለት ጊዜ ተነስቻለሁ፤ አልደብቅም። ሁለቱንም ጊዜ በሩ ድረስ ሄጄ ተመለስኩ። ያን ሳምንት ልጅቷ ከልጄ ጋር አንድ አልጋ ላይ ተኛች። ልጄን ትምህርት ቤት አድርሼ፣ እዚያው አጥሩ ጋ ቆሜ ደወል እስኪደወል ጠብቄ ነበር የምመለሰው። እሱ ደረጃ ላይ ሲያገኘኝ "እንዴት አደሩ እትዬ" ይላል፤ እኔም "እግዚአብሔር ይመስገን" እላለሁ።

ቅዳሜ ክሬንሾው፣ ጋሼ ቤት ተሰበሰብን። ሦስቱ ሽማግሌዎች ሶፋው ላይ፣ ባልየው ከፊታቸው፣ እኔና ልጅቷ በር አጠገብ። ባለቤቴም መጣ፤ ሳልለምነው።

"ሴት ከዋስነት ስትወርድ አይቼ አላውቅም" አሉ ጋሼ። "ምን አገኘሽ ልጄ?"

"ፈራሁ ጋሼ።"

"ማንን?"

ባልየው ራሱ ገባበት። "ይጠየቁ ጋሼ። እጄን አንስቼባታለሁ? እሷም ትናገር።"

ጋሼ ወደ ልጅቷ ዞሩ። "መትቶሻል?"

"አልመታኝም።"

"ሰድቦሻል?"

"አልሰደበኝም።"

"ታዲያ?" አሉ ከሽማግሌዎቹ አንዱ። "ቃሉን የጠበቀ ሰው ምን ይባላል? የወጣችው እሷ፣ ያወጣቻት ይቺ።" ወደ እኔ ጠቆሙ። "በሲኒማ ምክንያት ትዳር ሲፈርስ ይኸው አየን።"

ሁሉም ሳቁ። ሊመልሷት ነው። ይታወቀኛል፤ የሳቁ ዓይነት ያስታውቃል። ያኔ ነው አፌ የተከፈተው። ስለ ቢላዋው ነገርኳቸው። እንዴት እንደሚሞርደው፣ የት እንደሚያስቀምጠው፣ ምን እየበሉ እንደሆነ። ስለ ፊልሙ አንዲት ቃል አልተናገርኩም፤ ቢስቁብኝ ሁሉም ያልቃል ብዬ።

ባልየው እጁን ዘረጋ። "ጋሼ፣ ቢላዋ መሞረድ ወንጀል ሆነ? ሽንኩርት አልቆርጥ አለኝ ያለችው ራሷ ናት።"

"ይኸዋ!" አሉ ያ ሽማግሌ። "የሞረደላት ባል ተገኝቶ!"

ጋሼ አልሳቁም። "በየማታው?" ብለው ጠየቁት።

"አዎ፣ ቶሎ ይዶለድማላ።"

"ሞርደህ ለእሷ ትሰጣታለህ?"

የሸሚዙን እጅጌ አስተካከለ።

"ወጥ ቤት ትመልሰዋለህ ወይስ ገበታው ላይ ነው?"

"…ገበታው ላይ።"

ጋሼ ጉልበታቸውን በሁለት እጃቸው ያዙ። "ዕድሜዬን የጨረስኩት ሥጋ ቤት ነው። ይህን ታውቃላችሁ። እኛ ቢላዋ የምንሞርደው ሥጋ ሲኖር ነው። ሞርዶ፣ ሥጋ የሌለበት ገበታ ላይ አስቀምጦ የሚጠብቅ ሰው፣ ሥጋውን በዓይኑ እያየው ነው ማለት ነው።"

ባለቤቴ ከጎኔ እጄን ያዘኝ፤ ሰው ፊት እንዲህ አድርጎ አያውቅም።

"እኔም ለአንተ ከገባሁት ዋስነት ወርጃለሁ" አሉ ጋሼ። "ለእሱ ዋስ የሚሆን አለ?" ሽማግሌዎቹን አዩ። ሁለቱም ምንጣፉን ያያሉ። ያ ቅድም ሲያስቁ የነበሩትም። "እንግዲህ ዋስ ከሌለ እርቅ የለም። ልጅቷ ወደፈቀደችበት ትሂድ።"

ባልየው ተነሳ። ለሦስቱም ተራ በተራ ጎንበስ ብሎ ሰላምታ ሰጠ። በእኔ በኩል ሲያልፍ ቆም አለና "እትዬ" አለ፤ ሌላ ምንም አልጨመረም።

ልጅቷን ባለቤቴ በዚያው ቀን ሳንዲያጎ፣ የአክስቷ ልጅ ዘንድ አደረሳት። ያለ ሻንጣ ሄደች። የእኔን ቀሚስ ለብሳ ነበር፤ ሰፍቷታል፣ በመርፌ ቁልፍ ወገቡን ያዝኩላት። አሁን እዚያ ሦስት ልጆች አሏት። ስትደውል ስትስቅ እሰማለሁ።

እሱ ግን ከእኛ በታች ሁለት ወር ኖረ። ምንም አላደረገም። ምንም ያላደረገ ሰው እንዴት እንደሚያስፈራ ለፖሊስም፣ ለባለቤቴም ላስረዳ አልቻልኩም። ልጄ ደረጃውን ብቻዋን ወርዳ አታውቅም። ውሃ እንኳ ስከፍት ጆሮዬ ከወለሉ ሥር ነው።

አንድ ጠዋት በሬ ተንኳኳ።

"እትዬ፣ እኔ ነኝ። ካልቨር ሲቲ ሌላ ቤት ልገባ ነው። ልሰናበትዎ ብዬ ነው።"

በቀዳዳው አየሁት። ሸሚዙን ተኩሷል። እጆቹ ባዶ ናቸው፤ ሁለቱንም እንዳያቸው ፊት ለፊት አድርጓቸዋል። ምናልባት ከልቡ ነው የመጣው። ዕቃዬን ደረጃ ለደረጃ ያወጣልኝ ሰው ነው። አንድ ሰው ደህና ሁን ሊባል ይገባዋል፤ እንዲህ ነው ያደግነው።

"እግዜር ይከተልህ" አልኩት በበሩ በኩል።

"አይከፍቱልኝም?"

ልጄ ከኋላዬ ቀሚሴን ይዛለች። ሰንሰለቱ ላይ ያለው እጄ አልተንቀሳቀሰም። እሱም ትንሽ ቆሞ፣ ትንሽ ጠብቆ፣ ወረደ። ያሳፍረኛል። ዛሬም ቢያንኳኳ አልከፍትለትም።